የፊልሙ የመጀመሪያ ተመልካች ባለጉዳዩ ነው

ስለ ገጠር ኑሮ የሚሠራ ፊልም አብዛኛውን ጊዜ አንድ ዐይነት መንገድ ይከተላል። ፊልም አንሺዎቹ ከከተማ በመኪና ይመጣሉ፤ ገበሬውን በማሳው ላይ፣ እናቲቱን በምድጃዋ አጠገብ፣ ሕፃናቱን በምንጩ ዳር ይቀርጻሉ፤ ጥቂት ጥያቄ ጠይቀውም ይመለሳሉ። ከዚያ በኋላ የተቀረጸው ነገር የት እንደሚታይ፣ ከተነገረው ቃል የትኛው እንደሚቀርና የትኛው ተቆርጦ እንደሚጣል የሚወስኑት እነርሱ ብቻ ናቸው። የተቀረጸው ሰው ግን የገዛ መልኩን ሳያይ፣ በስሙ ምን እንደተባለም ሳይሰማ ይቀራል።

ይህ አሠራር ሊለወጥ እንደሚችል ቃል ከመናገር አልፈው በሥራ ካሳዩት ሰዎች አንዱ አሜሪካዊው ጆርጅ ስቶኒ ነበሩ። ሚስተር ስቶኒ በሰሜን ካሮላይና ግዛት በዊንስተን ሴለም ከተማ በ1916 ተወልደው በ2012 በ96 ዓመታቸው በኒውዮርክ እስኪያርፉ ድረስ ከ60 ዓመት በላይ ዘጋቢ ፊልም ሲሠሩና ሲያስተምሩ ኖረዋል። (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።) ፊልሞቻቸው ስለ ገጠር አዋላጆች፣ ስለ አእምሮ ሕመምተኞች፣ ስለ መሬታቸው ስለሚከራከሩ ነባር ነዋሪዎችና ስለ ጨርቃ ጨርቅ ሠራተኞች የሚናገሩ ናቸው። ጉዳዩ ቢለያይም በሁሉም ውስጥ አንድ ጥያቄ አለ። ይኸውም ስለ አንድ ሕዝብ የሚሠራው ፊልም ለዚያ ሕዝብ ምን ይፈይዳል? የሚለው ነው።

ከጥጥ አምራቹ አገር

ሚስተር ስቶኒ ተወልደው ያደጉበት የአሜሪካ ደቡብ በ1930ዎቹ ዓመታት የጭሰኞች አገር ነበር። ብዙው ጥጥና ትምባሆ አምራች የራሱ መሬት አልነበረውም። የሰው መሬት አርሶ የምርቱን እኩሌታ ለባለመሬቱ ያስረክባል። ዘሩን፣ ማዳበሪያውንና የክረምት ቀለቡን ከነጋዴ በዱቤ ስለሚወስድ በመኸር ወራት ዕዳው ተቀንሶ የሚተርፈው እጅግ ጥቂት ነበር። ጥቁሮቹ አራሾች ደግሞ ከዚህ ሁሉ በላይ የዘር መድልዎ ነበረባቸው። በብዙ የደቡብ ግዛቶች ድምፅ ለመስጠት አስቀድሞ ግብር መክፈል ያስፈልግ ስለነበር፣ ድኻው ነጭም ሆነ ጥቁር በምርጫ ጊዜ ከበር ውጭ ይቀር ነበር።

ሚስተር ስቶኒ ከሰሜን ካሮላይና ዩኒቨርሲቲ ከወጡ በኋላ ይህን ኑሮ በቅርብ ለማየት ዕድል አገኙ። ስዊድናዊው ምሁር ጉናር ሚርዳል በአሜሪካ የዘር ግንኙነት ላይ ያካሄዱት ታላቅ ጥናት በ1944 በመጽሐፍ ወጥቷል። ለዚሁ ጥናት ራልፍ በንች የደቡብን ሕዝብ የፖለቲካ ሁኔታ ሲመረምሩ መረጃ ከሰበሰቡላቸው ወጣቶች አንዱ ሚስተር ስቶኒ ነበሩ። ሥራቸው በየመንደሩ እየዞሩ ሰውን ማነጋገርና የተባለውን በትክክል መጻፍ ነበር።

ቀጥሎም የእርሻ ዋስትና አስተዳደር በተባለው የመንግሥት መሥሪያ ቤት የማስታወቂያ ሠራተኛ ሆኑ። ይህ መሥሪያ ቤት በ1937 የተቋቋመ ሲሆን፣ ለድኻ ገበሬዎች ብድር ይሰጥ፣ ጭሰኞች መሬት የሚገዙበትን ገንዘብ በረጅም ጊዜ ክፍያ ያበድር፣ የገጠር የሕክምና ኅብረት ሥራ ማኅበሮችም እንዲቋቋሙ ይረዳ ነበር። የገበሬውን ችግር ለከተማው ሕዝብ ለማሳየትም ፎቶግራፍ አንሺዎችን በየክፍሉ አሰማርቶ ነበር። እነዚያ ፎቶግራፎች እስከ ዛሬ በዓለም የታወቁ ናቸው። ይሁን እንጂ በፎቶግራፎቹ ላይ ከሚታዩት ገበሬዎች መካከል ምስላቸው የት እንደደረሰ ሳያውቁ ያለፉ ብዙዎች ናቸው።

በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ለውትድርና ተጠርተው ካገለገሉ በኋላ፣ ሚስተር ስቶኒ በ1946 ለደቡብ ግዛቶች የትምህርት ፊልም በሚያዘጋጅ ድርጅት ውስጥ በጸሐፊነትና በአዘጋጅነት ሥራ ጀመሩ። ከጥቂት ዓመታት በኋላም የራሳቸውን የፊልም ሥራ አቋቋሙ። ወደ ፊልም የገቡት በገጠር ሥራ በኩል ነውና ፊልምን የሚያዩት እንደ መዝናኛ ሳይሆን እንደ ማስተማሪያ መሣሪያ ነበር። በ1960 ለምሳሌ ፖሊሶች የአእምሮ ሕመምተኛ ሲያጋጥማቸው እንደ ወንጀለኛ ሳይሆን እንደ በሽተኛ እንዲይዙት የሚያስተምር ፊልም ሠርተዋል።

አዋላጇ መምህርት ሆኑ

ከሥራዎቻቸው ሁሉ ይበልጥ የታወቀው በ1953 የወጣው «ልጆቼ ሁሉ» የሚል ትርጉም ያለው ፊልም ነው። ያሠራው የጆርጂያ ግዛት የጤና መሥሪያ ቤት ሲሆን፣ ዓላማው የልምድ አዋላጆችን ማሠልጠን ነበር። በዚያን ጊዜ በጆርጂያ ገጠር የሚኖሩ ጥቁር እናቶች አብዛኛዎቹ የሚወልዱት በየቤታቸው በአዋላጅ እጅ ነበር። ሆስፒታል ሩቅ ነው፤ ክፍያው ከባድ ነው፤ ቢደርሱም ሆስፒታሎቹ በዘር የተከፋፈሉ ነበሩ። በመሆኑም አዋላጇ ንጽሕናዋን ከጠበቀች እናትና ልጅ ይተርፋሉ፤ ካልጠበቀች ግን በእትብቱ በኩል የሚገባ መርዝ ሕፃኑን በጥቂት ቀን ውስጥ ሊገድለው ይችላል።

የጤና ባለሙያዎቹ ፊልሙ ሊያስተምራቸው የሚገቡ ነጥቦችን በረጅም ዝርዝር አቀረቡ። ሌላ ሰው ቢሆን ነጭ ካፖርት የለበሰ ሐኪም ከጥቁር ሰሌዳ ፊት አቁሞ ዝርዝሩን ባስነበበ ነበር። ሚስተር ስቶኒ ግን አዋላጆቹን ወደ ሥራቸው እየተከተሉ ካዩ በኋላ መምህርቷን ከመካከላቸው መረጡ። እኒህም በኦልበኒ ከተማና በአካባቢው ገጠር የሚያዋልዱት ወይዘሮ ሜሪ ኮሊ ነበሩ። ወይዘሮ ሜሪ በዕድሜ ዘመናቸው ከ3000 በላይ ሕፃናት እንዳዋለዱ ይነገራል።

ፊልሙ 54 ደቂቃ ያህል ይፈጃል። የሚጀምረው በአዋላጆች ስብሰባ ነው። ከዚያ ወይዘሮ ሜሪ ወደ ሁለት ቤቶች ሲሄዱ ያሳያል። አንዱ ቤት አስቀድሞ የተዘጋጀ ነው፤ ነፍሰ ጡሯ በጤና ጣቢያ ትመረመራለች፤ አልጋው ነጥፏል፤ ጨርቁ ታጥቧል። ሁለተኛው ቤት ድህነት የበዛበትና ምንም ያልተሰናዳበት ነው። ወይዘሮ ሜሪ በሁለተኛውም ቤት አይቆጡም፤ እናቲቱንም አያሳፍሩም። ባለው ዕቃ እንዴት ንጹሕ ቦታ እንደሚዘጋጅ እየሠሩ ያሳያሉ። ውሃ ይፈላል፤ እጅ በሳሙና ይታጠባል፤ መቀሱ ይቀቀላል። ልጅ ሲወለድም በእውነት ይታያል፤ የተሸፋፈነ ነገር የለም።

ነገር በዓይን ይገባል እንደሚባለው፣ የሐኪሙ ዝርዝር ሁሉ በአንዲት አዋላጅ እጅ ሥራ ላይ ስለታየ ለማስታወስ ቀላል ሆነ። ይህ ብቻ አይደለም። ፊልሙን ያዩት አዋላጆች ከራሳቸው ወገን የሆነች ሴት በክብር ስታስተምር ስላዩ ትምህርቱን እንደ ተግሣጽ ሳይሆን እንደ ባልንጀራ ምክር ተቀበሉት። በዚያ የዘር መድልዎ ዘመን ጥቁር የገጠር ሴት በፊልም ላይ እንደ ዐዋቂና እንደ ባለሙያ መታየቷ ራሱ ትልቅ ነገር ነበር። ፊልሙ ከጆርጂያ አልፎ በሌሎች አገሮችም ለአዋላጆች ማሠልጠኛ ሆኖ አገልግሏል። በ2002ም ሊጠበቁ ከሚገባቸው የአሜሪካ ፊልሞች መዝገብ ገብቷል።

እርግጥ ፊልም ሁሉን ነገር አያድንም። ከዚያ ወዲህ ባሉት ዐሥርት ዓመታት የደቡብ ግዛቶች የልምድ አዋላጅነትን ቀስ በቀስ አስቀርተውታል። ቢሆንም የእነዚያ እናቶች ዕውቀትና ትጋት ከነመልካቸው በፊልሙ ውስጥ ተጠብቆ ይገኛል።

ሳይታይ የወጣ ፊልም ያመጣው ጣጣ

በካናዳ ያለው የመንግሥት ፊልም ድርጅት በ1960ዎቹ አጋማሽ በድህነት ላይ ፊልም ለመሥራት ተነሣ። በ1967 የወጣው የመጀመሪያው ፊልም በሞንትሪያል ከተማ የሚኖር ብዙ ልጆች ያሉትን አንድ ሥራ አጥ አባትና ቤተሰቡን የሚያሳይ ነበር። ሥራው በቅን ልቡና የተሠራ ነው፤ የተመለከቱትም አዘኑ። ነገር ግን ቤተሰቡ ፊልሙን አስቀድሞ እንዲያይ አልተደረገም ነበር። ፊልሙ በቴሌቪዥን ለአገር ሁሉ ሲታይ ጎረቤቶቹ ተሳለቁባቸው፤ የቤታቸው ገመና አደባባይ ወጣ። ድኻውን ለመርዳት የታሰበው ፊልም ድኻውን አዋረደው።

ድርጅቱ ከዚህ ትምህርት ቀሰመ። በዚያው ዓመት ሌላው ፊልም ሠሪ ኮሊን ሎው ወደ ፎጎ ደሴት ሄዱ። ፎጎ ከኒውፋውንድላንድ ሰሜናዊ ምሥራቅ ጠረፍ ላይ የምትገኝ ደሴት ስትሆን፣ በዚያን ጊዜ አሥር ያህል መንደሮችና 5000 ያህል ሕዝብ ነበሩባት። ኑሮው ዓሣ ማጥመድ ነው። ጀልባዎቹ ትናንሽ ስለሆኑ ከጠረፍ ርቀው መሄድ አይችሉም፤ ነጋዴዎቹም ከደሴቷ እየወጡ ነበር፤ ከሕዝቡ እኩሌታ የሚበልጠው በመንግሥት ድጎማ ይኖር ነበር። መንግሥትም በየጠረፉ የተበታተኑትን መንደሮች ወደ ማእከላዊ ቦታ የማዛወር ዕቅድ ነበረው። ከ1954 እስከ 1975 ድረስ በዚህ ዕቅድ ከ300 ያህል መንደሮች ወደ 30000 የሚጠጋ ሕዝብ ከቀዬው ተነሥቷል። የፎጎ ሕዝብም ተራው እንዳይደርስበት ይሠጋ ነበር።

የፎጎ መንደሮች በሃይማኖትና በአሮጌ ቂም የተከፋፈሉ ስለነበሩ ተቀምጠው መምከር አስቸግሯቸው ነበር። ኮሊን ሎው ከሜሞሪያል ዩኒቨርሲቲ የኤክስቴንሽን ክፍል ሠራተኞች ጋር ሆነው 27 ያህል አጫጭር ፊልሞች ሠሩ። እያንዳንዱ ፊልም በአንድ ሰው ወይም በአንድ ጉዳይ ላይ ያተኮረ ነበር። የአንዱን ንግግር ቆርጦ በሌላው ንግግር መሐል በማስገባት ሰውን ከሰው የማጋጨት ዘዴ አልተጠቀሙም። ከሁሉ በላይ ደግሞ የተቀረጸው ሰው ፊልሙን አስቀድሞ ያያል፤ ያልወደደውን ክፍል እንዲወጣ ሊጠይቅ ይችላል፤ እርሱ ሳይፈቅድ ለሌላ መንደር አይታይም።

ከዚያ ፊልሞቹ በየመንደሩ አዳራሽ ታዩ። በእያንዳንዱም ምሽት ከፊልሙ በኋላ ውይይት ይደረግ ነበር። በስብሰባ ላይ ፊት ለፊት ቢነጋገሩ ይጣሉ የነበሩ ሰዎች የሌላው መንደር አጥማጅ በፊልም ሲናገር በጸጥታ አዳመጡ። ችግሩ የእኔ ብቻ ነው ይል የነበረው ሰው የጎረቤቱም መሆኑን አየ። በመጨረሻም ፊልሞቹ በባለጉዳዮቹ ፈቃድ ለግዛቲቱ ባለሥልጣኖች ቀረቡ። የዓሣ ሀብት ሚኒስትሩም መልሳቸውን በፊልም ቀርጸው ወደ ደሴቷ ላኩ። እንዲህ በማድረግ ርቀት ያለያያቸው ሹምና ሕዝብ በፊልም ተነጋገሩ።

የፎጎ ሕዝብ አልተነሣም። በ1967 የዓሣ አጥማጆች ኅብረት ሥራ ማኅበር አቋቋመ፤ ራቅ ያለ ባሕር ላይ ሊሠሩ የሚችሉ ትልልቅ ጀልባዎችን መሥራትም ተጀመረ። ማኅበሩ እስከዚህ ዘመን ዘልቋል። ይህን ሁሉ ያደረገው ፊልሙ ብቻ ነው ማለት ግን ስሕተት ይሆናል። ከፊልሙ በፊትም በደሴቷ ላይ የመሻሻል ኮሚቴ ነበር፤ የዩኒቨርሲቲው የገጠር ሠራተኛም የአካባቢው ተወላጅ ነበር። ፊልሙ የረዳው የተጀመረውን ምክክር በማፋጠን ነው። ድር ቢያብር አንበሳ ያስር የሚባለው ድሮቹ አስቀድመው ሲገናኙ ነውና።

ካሜራው ወደ ባለጉዳዩ እጅ

ይህ የካናዳ ፕሮግራም «ለለውጥ መነሣሣት» ሊባል የሚችል ስያሜ የተሰጠው ሲሆን፣ በ1968 ሚስተር ስቶኒ ዋና ኀላፊው ሆነው ተጠሩ። እስከ 1970 ባገለገሉበት ጊዜ ፎጎ ላይ የተጀመረውን አሠራር አንድ እርምጃ ወደፊት ወሰዱት። ለባለጉዳዩ ፊልሙን ማሳየት ጥሩ ነው፤ ባለጉዳዩ ራሱ ካሜራውን ቢይዝ ደግሞ የተሻለ ነው የሚል እምነት ነበራቸው።

ለዚህ ምሳሌ የሚሆነው የሞሃውክ ነባር ሕዝብ ጉዳይ ነው። የአክዌሳስኔ ሞሃውኮች መሬት በካናዳና በአሜሪካ ወሰን ላይ የተጋደመ ነው። በ1794 በተፈረመ ውል መሠረት ዕቃቸውን ይዘው ያለ ቀረጥ ወሰኑን የመሻገር መብት አለን ይላሉ። የካናዳ ጉምሩክ ግን ቀረጥ ያስከፍላቸው ነበር። በታኅሣሥ 1968 ሞሃውኮቹ በኮርንዎል ከተማ አጠገብ ያለውን ዓለም አቀፍ ድልድይ በመኪናዎቻቸው ዘጉ። ለነባር ሕዝብ ወጣቶች በተሰጠው የፊልም ሥልጠና ውስጥ የነበረው ሞሃውካዊው ማይክ ሚቸል ስለ ዕቅዱ ለድርጅቱ አስታወቀ፤ ሚስተር ስቶኒም የፊልም ቡድን እንዲደርስ አደረጉ። በብርድና በበረዶ ውስጥ የተደረገው ክርክርና የፖሊሶች እሥራት ሁሉ ተቀረጸ። የፊልሙ ርእስ «ያላችሁት በነባሩ ሕዝብ መሬት ላይ ነው» ማለት ነው። ፊልሙ ለሞሃውኮቹም ለባለሥልጣኖቹም ታየ። የሚቸል የአዘጋጅነት ድርሻ ለብዙ ዓመታት በሚገባ ሳይመዘገብ ቆይቶ በኋላ ድርጅቱ አዘጋጁ እርሱ መሆኑን አውቆለታል። ሚቸል ራሱም በ1984 የአክዌሳስኔ ታላቅ አለቃ ሆኖ ተመረጠ።

በእነዚያው ዓመታት አዲስ መሣሪያ ወጣ። ይህም በትከሻ የሚያዝ የቪዲዮ መቅረጫ ነበር። የፊልም ጥቅል ወደ ከተማ ተልኮ በላቦራቶሪ መታጠብ ስላለበት የተቀረጸውን ለማየት ቀናት ይፈጃል። ቪዲዮው ግን ወዲያው ወደ ኋላ ተጠምጥሞ እዚያው ይታያል፤ አጠቃቀሙንም ማንም ሰው በአጭር ጊዜ ይማረዋል። በሞንትሪያል ሴንት ዣክ በሚባለው የድኾች ሰፈር የነዋሪዎች ኮሚቴ በዚህ መሣሪያ ተጠቅሞ በየመንገዱ እየዞረ ሰዎችን ስለ ሕክምናና ስለ ቤት ኪራይ ጠየቀ፤ የቀረጸውን በስብሰባ ላይ አሳይቶም ሕዝቡን አወያየ። ስለዚህ ሥራ በ1969 የተሠራውን ፊልም ያዘጋጁት ቦኒ ሼር ክላይን ናቸው።

ሚስተር ስቶኒ ወደ አሜሪካ ከተመለሱ በኋላ በኒውዮርክ ዩኒቨርሲቲ አስተማሩ። በዚያም ከሬድ በርንዝ ጋር ሆነው በ1971 ሌላ ዐይነት የመገናኛ ዘዴ የሚጠናበትና የሚሞከርበት ማእከል አቋቋሙ። በዚያን ጊዜ በኬብል የሚሠራ ቴሌቪዥን በየከተማው እየተስፋፋ ነበር። ኩባንያዎቹ ኬብሉን የሚዘረጉት በሕዝብ መንገድ ሥር ስለሆነ በምላሹ ለሕዝብ ጥቅም የሚውል ጣቢያ መስጠት አለባቸው ብለው ሚስተር ስቶኒና ባልደረቦቻቸው ተከራከሩ። በኒውዮርክ እንዲህ ያሉ የሕዝብ ጣቢያዎች በ1971 ተከፈቱ። በ1984 የወጣው የአሜሪካ ሕግም የከተማ አስተዳደሮች ከኬብል ኩባንያዎች እንዲህ ያለውን ጣቢያ ሊጠይቁ እንደሚችሉ ደነገገ። ሚስተር ስቶኒ «የሕዝብ ቴሌቪዥን ጣቢያ አባት» የተባሉት በዚህ ምክንያት ነው።

ያማረ ፊልም ሁሉ እውነት አይደለም

በ1978 ሚስተር ስቶኒ ከአየርላንድ በስተምዕራብ ወዳሉት የአራን ደሴቶች የሚወስድ ፊልም አወጡ። በእነዚህ ደሴቶች በ1934 ሮበርት ፍላሄርቲ የሠሩት ፊልም በዓለም የታወቀ ነው። በዚያ ፊልም ገበሬዎቹ ድንጋይ ፈንቅለው፣ ከባሕር አረምና አሸዋ ተሸክመው በባዶ ዐለት ላይ አፈር ሲሠሩ፣ ወንዶቹም በትንሽ ጀልባ ግዙፍ ዓሣ ነባሪ መሰል ሻርክ ሲያድኑ ይታያል። ምስሉ እጅግ ያማረ ነው፤ ደሴቶቹንም አስጠርቷል፤ ጎብኚም አምጥቷል።

ሚስተር ስቶኒ የደሴቶቹን ሰዎች ሲያነጋግሩ ግን ሌላ ነገር ተገለጠ። በፊልሙ ላይ የሚታዩት አባት፣ እናትና ልጅ በእውነት አንድ ቤተሰብ አልነበሩም፤ በመልካቸው የተመረጡ ነበሩ። የሻርክ አደኑም ከብዙ ጊዜ በፊት የቀረ ስለነበር ለፊልሙ ሲባል እንደገና መማር ነበረባቸው። ከሁሉ የሚከፋው ግን ከፊልሙ የቀረው ነገር ነው። ገበሬው ከባሕርና ከዐለት ጋር ሲታገል ታየ፤ ከባለመሬትና ከመሬት ኪራይ ጋር ያደረገው ትግል ግን አልታየም። እንዲህ ሲሆን ተመልካቹ የገበሬው ጠላት ተፈጥሮ ብቻ እንደሆነች አድርጎ ያምናል።

ይህ ነገር የአራን ደሴቶች ጉዳይ ብቻ አይደለም። በየትም አገር ገበሬ ሲቀረጽ ፀሐይ መግባቷ፣ በሬዎቹና የእናቲቱ ፈገግታ ይወሰዳሉ፤ የማዳበሪያ ዋጋ፣ የገበያ መንገድና የብድር ወለድ ግን ለካሜራ ስለማያምሩ ይተዋሉ። ገበሬውን የሚጠቅመው ግን ብዙ ጊዜ ያ የተተወው ነገር ነው።

የ60 ዓመት ዝምታ

የሚስተር ስቶኒ የመጨረሻው ትልቅ ሥራ ከጁዲት ሄልፋንድና ከሱዛን ሮስቶክ ጋር በ1995 ያወጡት ስለ 1934 የጨርቃ ጨርቅ ሠራተኞች አድማ የሚናገረው ፊልም ነው። በደቡብ ግዛቶች የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ሠራተኞች አብዛኛዎቹ እርሻ አልበቃ ብሏቸው ከገጠር የፈለሱ ነበሩ። የሚኖሩበት ቤትም ሆነ የሚገዙበት ሱቅ ብዙውን ጊዜ የፋብሪካው ነበር። በመስከረም 1934 ከ400 ሺህ የማያንሱ ሠራተኞች በአሜሪካ ምሥራቃዊ ግዛቶች ሥራ አቆሙ። በደቡብ ካሮላይና ግዛት በምትገኘው በሀኒያ ፓዝ ከተማ መስከረም 6 ቀን በአድመኞቹ ላይ ተኩስ ተከፍቶ 7 ሰዎች ተገደሉ። አድማው ሦስት ሳምንት ያህል ቆይቶ ያለ ውጤት ቆመ። ብዙዎቹ ከሥራ ተባረሩ፤ ከፋብሪካው ቤትም ተነሡ።

ከዚያ በኋላ በየከተማው ስለ ጉዳዩ የሚናገር ጠፋ። ወላጆች ለልጆቻቸው ሳይነግሩ ሞቱ። የሟች ልጅና የተኳሽ ልጅ በአንድ ቤተ ክርስቲያን እየተሳለሙ፣ በአንድ ሱቅ እየሸመቱ፣ ነገሩን ሳያነሡ ኖሩ። ፊልም ሠሪዎቹ ዓመታት ወስደው ያረጁትን ሠራተኞችና የሥራ መሪዎቹንም ወገን አነጋገሩ፤ የተቀዳውን ለየማኅበረሰቡ አሳይተው ውይይት አስነሡ። ሰዎች ከ60 ዓመት በኋላ ስለ አባቶቻቸው ተነጋገሩ። በ1995 በሀኒያ ፓዝ ለተገደሉት መታሰቢያ ድንጋይ ቆመ።

ለማኅበር መሪዎች የሚሆን ትምህርት

ከሚስተር ስቶኒ ሥራ የገጠር ማኅበር መሪዎች የሚወስዱት ትምህርት ግልጽ ነው። ፊልም አንሺ ሲመጣ እንግዳ ነውና በክብር መቀበል ባህል ነው። ይሁን እንጂ ያልጠረጠረ ተመነጠረ እንደሚባለው ከመቀረጽ በፊት መጠየቅ ነውር አይደለም። 

አንደኛ፣ ፊልሙን የሚያሠራው ማን ነው? ገንዘቡን የሚከፍለው ክፍል ምን እንዲባል እንደሚፈልግ ማወቅ ያስፈልጋል። የካናዳው ፕሮግራም ራሱ በመንግሥት ገንዘብ የተካሄደ ስለነበር ቅሬታን ያበርዳል እንጂ መፍትሔ አያመጣም ብለው የነቀፉት ነበሩ። ሁለተኛ፣ ፊልሙ የት ይታያል? ለመንደሩ ብቻ ታስቦ የተነገረ ቃል በቴሌቪዥን ከወጣ የሞንትሪያሉን ቤተሰብ ያገኘው ዐይነት ጣጣ ያስከትላል። ሦስተኛ፣ የተቀረጸው ሰው ከመውጣቱ በፊት ያየዋል ወይ? የማይፈልገውንስ ማስቀረት ይችላል ወይ? አራተኛ፣ የሚናገሩት እነማን ናቸው? ሊቀ መንበሩ ብቻ ከተናገረ የሴቶቹ፣ የወጣቶቹና መሬት የሌላቸው ሰዎች ጉዳይ ይቀራል። በፎጎ ፊልሞች የተናገሩት ኮሚቴዎች ብቻ ሳይሆኑ ተራ አጥማጆችና ቤተሰቦቻቸው ጭምር ነበሩ። አምስተኛ፣ ከፊልሙ በኋላ የሚያወያይ ሰው ይኖራል ወይ? ያለ ውይይት የታየ ፊልም ሲያልፍ እንደሚታይ መኪና ነው፤ አቧራው ብቻ ይቀራል።

ዛሬ ነገሩ ከሚስተር ስቶኒ ዘመን ይልቅ ቀሏል፤ አስቸጋሪም ሆኗል። የእጅ ስልክ ያለው ወጣት የደፈረሰውን ምንጭ፣ የተሸረሸረውን ማሳ ወይም የፈረሰውን ድልድይ ቀርጾ ለሚመለከተው መሥሪያ ቤት ማሳየት ይችላል። በዚያው ስልክ ደግሞ የአንዲት ድኻ ቤት ገመና ያለ ፈቃዷ በደቂቃ ውስጥ ለሺህ ሰው ሊበተን ይችላል። መሣሪያው ቢለወጥም ሕጉ ያው ነው። ማኅበሩ የልማት ሥራውን የሚቀርጹ ሁለት ሦስት ወጣቶች ቢመርጥ፣ የቀረጹትን መጀመሪያ ለተቀረጹት ሰዎች፣ ቀጥሎ ለጠቅላላ ጉባኤ፣ በመጨረሻም ጉባኤው ሲፈቅድ ለወረዳው ቢያሳዩ ለዚህ ብዙ ወጪ አያስፈልግም።

ሚስተር ስቶኒ ወደ 50 በሚጠጉ ፊልሞች ተካፍለዋል። ከእነርሱም አብዛኞቹ ለሲኒማ ቤት ሳይሆን ለአዳራሽ፣ ለመማሪያ ክፍልና ለስብሰባ የተሠሩ ናቸው። ወይዘሮ ሜሪ ኮሊን የመረጡት መልክ ስላላቸው ሳይሆን ሥራውን ስለሚያውቁ ነው፤ የአክዌሳስኔን ጉዳይም ለአክዌሳስኔ ሰው ተውለት። ገበሬ ስለ መሬቱ፣ እናት ስለ ወሊዷ፣ አጥማጅ ስለ ባሕሩ ከማንም የበለጠ ያውቃሉ፤ ስለ እነርሱ የሚሠራ ፊልም መጀመሪያ የሚታረመውም በእነርሱ ዓይን ነው።